ፋያ ዳዪ፦ አረንጓዴ የሌለበት የጫት ፊልም

ስለ ሐረር የተሠራ፣ ኦስካር ደጃፍ ደርሶ የተመለሰ ፊልም እንዳለ ስንቶቻችሁ ታውቃላችሁ? "ፋያ ዳዪ" ይባላል። የሠራችው ሐረር ያደገችውና በ16 ዓመቷ ከቤተሰቧ ጋር ከአገር የወጣችው ጄሲካ በሽር ናት። 10 ዓመት ያህል እየተመላለሰች ቀርጻዋለች፤ ካሜራውንም የያዘችው ራሷ ናት።

በ2021 እ.ኤ.አ. ሰንዳንስ ላይ ታየ። በዚያው ዓመት ስዊዘርላንድ ውስጥ በቪዥን ዱ ሬል ፌስቲቫል ትልቁን ሽልማት ወሰደ። ለኦስካር በዘጋቢ ፊልም ዘርፍ ከ15ቱ ውስጥ ገባ፣ ለመጨረሻዎቹ 5 ግን አላለፈም።

ታዲያ ተመልካቹን ለሁለት የከፈለው ምንድነው? አቀራረቡ ነው።

ፊልሙ ጥቁርና ነጭ ነው። ጫት ገዢ መጀመሪያ የሚያየው የቅጠሉን ለጋነትና ቀለም ነው አይደል? እሷ አረንጓዴውን አጠፋችው። የቀረው ጭስ፣ ጥላ፣ ጫት የሚያስሩ እጆችና ግማሹ ጨለማ የዋጠው ፊት ነው። ካሜራ ፊት ተቀምጦ የሚያብራራ ባለሙያ የለም። ድምፅ ትሰማላችሁ፣ የተናጋሪውን አፍ ግን ላታዩ ትችላላችሁ። መሐል ላይ ዘላለማዊነትን ፍለጋ የወጡ የሱፊ ሰዎች አፈ ታሪክ ይገባል።

አድናቂዎቹ ሕልም የሚመስል ውበት አለው ይላሉ። ሌሎች ደግሞ ሁለት ሰዓት ሙሉ ታሪኩ አይጨበጥም፣ ይንቀረፈፋል ባይ ናቸው። ከዚህ የከበደው ጥያቄ ግን ሌላ ነው፦ ጫትን እንዲህ አሳምሮ ማሳየት ተገቢ ነው?

እኛ እንደገባን፣ ቀስ ማለቱ ስንፍና አይደለም። ሰዓቱ የሚሄደው እንደ ምርቃና ነው። መጀመሪያ ደስ ይላል፣ ከዚያ ዝም ያሰኛል። ሲወርድስ? ዱካክ የሚባለውን ቅዠት የሚያውቅ ያውቀዋል። ፊልሙ አስፈሪ ፊልም አይደለም፤ የሚያስፈራው ግን እዚህ ጋር ነው። የ14 ዓመቱ መሐመድ ለቃሚዎች እየተላላከ ይውላል፣ ቤት ሲገባ የሚጠብቀው በጫት ጠባዩ የሚለዋወጥ አባት ነው። ወጣቶቹ ስለ ስደት ያወራሉ። ውበቱና ጭንቀቱ አንድ ፍሬም ውስጥ ናቸው። ውበቱን ብቻ ያየ ሰው ግማሹን ነው ያየው።

በስልክ የምታዩት ከሆነ መብራት አጥፉ፣ ኢርፎን አድርጉ፣ እየቆራረጣችሁ አትዩት።

አይታችሁታል? ጫትን አሳመረው ወይስ አጋለጠው? ሐረርና አወዳይ ያላችሁ በተለይ፣ ኮሜንት ላይ እንጠብቃችኋለን።