የሄኖክ የጊዜ በሮች፦ ከሰማይ ጋር የማይስማሙ ቁጥሮች የሚመሰክሩት

ጊዜን እንደ አገር ዞሮ የማየት ምኞት በሰው ልጅ ዘንድ የቆየ ነው። እንግሊዛዊው ደራሲ ኤች. ጂ. ዌልስ እ.ኤ.አ. በ1895 ባሳተመው ልብ ወለድ፣ አንድ ተመራማሪ ራሱ በሠራው መሣሪያ ተሳፍሮ እስከ 802,701 ዓ.ም. ድረስ ሲጓዝ ያሳየናል። ወደ ስውር የጊዜ ዓለማት የተደረጉ ጉዞዎችን መዝግበዋል የሚባሉ ምናባዊ መጻሕፍትም በልብ ወለድ ድርሰቶች ውስጥ ብዙ ናቸው። ይሁን እንጂ ቀንና ሌሊት፣ ወርና ዓመት ከሚመነጩበት ስፍራ ደርሶ የተመለሰ መንገደኛን ታሪክ ለማንበብ ወደ ልብ ወለድ መሄድ አያሻንም። ጥንታዊ ክፍሎቹ ከክርስቶስ ልደት በፊት የተጻፉ፣ ሙሉ ቃሉም ተጠብቆ የሚገኘው በግእዝ ብቻ የሆነ መጽሐፍ አለን። እርሱም መጽሐፈ ሄኖክ ነው።

የኢትዮጵያ ኦርቶዶክስ ተዋሕዶ ቤተ ክርስቲያን ይህን መጽሐፍ ከቅዱሳት መጻሕፍት ትቆጥረዋለች። መንፈሳዊ ትርጓሜውን ለሊቃውንቱ እንተውና፣ በዚህ ጽሑፍ ከምዕራፍ 72 እስከ 82 ያለውን ክፍል በሥነ ፈለክ ዓይን እንመልከተው።

የጉዞው መዝገብ

በእነዚህ ምዕራፎች ሄኖክ በመልአኩ ዑራኤል መሪነት የሰማይ ብርሃናትን ሥርዓት ይመለከታል። ፀሐይ የምትወጣባቸው ስድስት በሮች በምሥራቅ፣ የምትገባባቸው ስድስት በሮች ደግሞ በምዕራብ አሉ። ዓመቱ ሲጀምር ፀሐይ በአራተኛው በር ትወጣለች፤ በተከታዮቹ ወራት ወደ አምስተኛውና ወደ ስድስተኛው ትሻገራለች፤ ከዚያም አቅጣጫዋን መልሳ እስከ አንደኛው በር ትወርዳለች።

አገላለጹ ምሥጢራዊ ቢመስልም ከበስተጀርባው እውነተኛ ምልከታ አለ። ፀሐይ ዓመቱን ሙሉ ከአንድ ነጥብ አትወጣም። በአዲስ አበባ ሆነን ብናስተውል፣ ሰኔ 14 ገደማ ከትክክለኛው ምሥራቅ ወደ ሰሜን 24 ዲግሪ ያህል ፈቀቅ ብላ ትወጣለች፤ ታኅሣሥ 12 ገደማ ደግሞ በዚያው መጠን ወደ ደቡብ ታዘነብላለች። ይህ 48 ዲግሪ ያህል ስፋት ለስድስት ቢከፈል ለእያንዳንዱ በር በአማካይ 8 ዲግሪ ይደርሰዋል። ስለሆነም በሮቹ አድማስን እንደ ቀን መቁጠሪያ ለመጠቀም የተዘጋጀ ሥርዓት ናቸው ማለት ይቻላል።

ዐሥራ ስምንቱ ክፍሎች

መጽሐፉ ቀንና ሌሊትን አንድ ላይ በ18 እኩል ክፍሎች ይመድባል። አንዱ ክፍል በእኛ አቆጣጠር 1 ሰዓት ከ20 ደቂቃ ይሆናል። ቀንና ሌሊት ሲተካከሉ 9 ለ9 ናቸው። ከዚያ በኋላ ቀኑ በየወሩ አንድ ክፍል እየጨመረ 10፣ 11፣ በመጨረሻም 12 ክፍል ይደርሳል፤ ለሌሊቱ የሚቀረው 6 ብቻ ነው። በሌላ አነጋገር ረጅሙ ቀን 16 ሰዓት፣ ሌሊቱ ደግሞ 8 ሰዓት ይሆናል።

ይህ ግን በኢትዮጵያ ሰማይ ሥር አይታይም። አዲስ አበባ ከምድር ወገብ በስተ ሰሜን 9 ዲግሪ ላይ ስለምትገኝ፣ ረጅሙ ቀኗ 12 ሰዓት ከ39 ደቂቃ፣ አጭሩ ደግሞ 11 ሰዓት ከ36 ደቂቃ ያህል ነው። በሄኖክ መለኪያ ሲሰላ ረጅሙ ቀን ከ9 ተኩል ክፍል እምብዛም አያልፍም። በኢየሩሳሌምም ቢሆን ረጅሙ ቀን 14 ሰዓት ከሩብ ገደማ ነው። የ16 ሰዓት ቀን ለማየት እስከ 49ኛው ዲግሪ ሰሜን፣ ማለትም እስከ ፓሪስ አካባቢ መውጣት ያስፈልጋል።

ታዲያ ቁጥሩ ከየት መጣ? ሙል አፒን በሚባሉት የመስጴጦምያ የሸክላ ጽላቶች ላይ የረጅሙ ቀንና የአጭሩ ቀን ንጽጽር በውኃ ሰዓት ክብደት ተለክቶ 4 ለ2 ተብሎ ተጽፏል። ይህም ያው እጥፍ ነው። በባቢሎን ምድርም እውነተኛው ንጽጽር ከ3 ለ2 ብዙም አይርቅም፤ ነገር ግን ቀላሉ ሒሳብ ለተማሪ የሚያመች ሆኖ ዘልቋል። የሒሳብ ታሪክ ሊቁ ኦቶ ኖይገባወር እ.ኤ.አ. በ1981 በእነዚህ ምዕራፎች ላይ ጥናት አሳትመዋል። እንግዲህ ከሰማይ ጋር የማይስማማው ቁጥር ዕውቀቱ ከየት ተነሥቶ እንደ መጣ የሚጠቁም አሻራ ሆኖ ይገኛል።

የጎደለው አንድ ቀን ከሩብ

የሄኖክ ዓመት 364 ቀናት አሉት። ይህ ቁጥር ለ7 ሲካፈል ያለ ቀሪ 52 ሳምንታት ስለሚሰጥ፣ እያንዳንዱ በዓል በየዓመቱ በአንድ የሳምንት ቀን ይውላል። ሥርዓቱ ያማረ ቢሆንም ፀሐይ አትጠብቀውም። የባሕረ ሐሳብ ሊቃውንት ዓመቱን 365 ዕለት ከ15 ኬክሮስ ይሉታል፤ 15 ኬክሮስ የዕለት ሩብ ነው። በሁለቱ መካከል ያለው ልዩነት 1 ቀን ከሩብ ሲሆን፣ በ24 ዓመታት ውስጥ 30 ቀናት ይሞላል። ማስተካከያ ካልተደረገ የመከር በዓል ቀስ በቀስ ወደ ዘር ወቅት ይንሸራተታል።

ታማኝ ገልባጮች

በሀገራችን እነዚህ ሁለት አቆጣጠሮች ጎን ለጎን ኖረዋል። ባሕረ ሐሳብን የሚያውቅ ጸሐፊ 364 ከ365 ከሩብ እንደሚያንስ አይሰወርበትም፤ ቀኑ የሌሊቱ እጥፍ እንደማይሆንም ከደጁ ቆሞ ማየት ይችላል። ሆኖም ቁጥሮቹ እንዳሉ ተገልብጠው ዘልቀዋል። 12 ለ6 የሚለውን አንድ ትጉህ ጸሐፊ ወደ ሀገሩ ሰማይ አቅርቦ ቢያርመው ኖሮ፣ ወደ መስጴጦምያ የሚመራው ፈለግ በግእዙ ውስጥ በጠፋ ነበር።

የዚህ ታማኝነት ዋጋ ኋላ ታውቋል። ስኮትላንዳዊው ጄምስ ብሩስ የግእዙን ቅጂዎች ወደ አውሮፓ ያደረሰው እ.ኤ.አ. በ1773 ሲሆን፣ የመጀመሪያው የእንግሊዝኛ ትርጉም የታተመው በ1821 ነው። በ1952 ደግሞ በሙት ባሕር አጠገብ በቁምራን ዋሻ የአረማይክ ቁርጥራጮች ተገኙ። ከእነርሱም መካከል የሥነ ፈለኩ ክፍል ይገኝበታል። ቁርጥራጮቹን በመልክ በመልካቸው ለመለየት መመሪያ የሆነው የግእዙ ሙሉ ቃል ነበር።

ከዚህ የምንማረው ለሳይንስ ተማሪም ይጠቅማል። ከሚጠበቀው ውጤት ጋር የማይስማማን ልኬት ከመዝገብ መፋቅ ቀላል ነው፤ የተፋቀው ግን ነገ ምን ሊናገር እንደሚችል ማንም አያውቅም። በየገዳማቱና በየቤተ መጻሕፍቱ ያሉ የዘመን አቆጣጠር ብራናዎችም ግእዝ ብቻ ወይም ሒሳብ ብቻ በሚያውቅ ሰው ተነበው አያልቁም፤ ሁለቱን ያጣመረ አንባቢ ይሻሉ። በፋኩልቲያችን ያሉ ተማሪዎች ከግእዝ አጥኚዎች ጋር አንድ ጠረጴዛ ላይ ቢቀመጡ፣ ምስጥና እርጥበት ሳይቀድሟቸው ሊያነቧቸው የሚችሏቸው ገጾች ገና ብዙ ናቸው።