ሰባት ሰው አንድ ኩንታል ሲካፈል

እኩል ማካፈል የሚያስቸግረው ሙሉ ቁጥሩ ተዳርሶ ካለቀ በኋላ በሚተርፈው ላይ ነው። ከጅምላ ገበያ ጎረቤታሞች ገንዘብ አዋጥተው በጆንያ ሽንኩርት ቢገዙ፣ ድርሻቸው በሙሉ ኪሎ የሚያልቀው አልፎ አልፎ ነው።

50 ኪሎ ሽንኩርት ለ8 ሰው ይካፈል እንበል። ለእያንዳንዱ 6 ኪሎ ሲደርስ 48 ኪሎው ይሄዳል፤ ቀሪው 2 ነው። 2 ኪሎ እንዳለ ለ8 ሰው አይዳረስም፤ ወደ አስረኛ ኪሎ ሲመነዘር ግን 20 አስረኛ ይሆናል። በስሌቱ ከ6 ቀጥሎ ነጥብ ተደርጎ ከቀሪው ጎን ዜሮ የሚጨመረው ለዚህ ነው። 20 ለ8 ሲካፈል 2 ደርሶ 4 ይተርፋል። 4ቱ አስረኛ ደግሞ ወደ 40 መቶኛ ተመንዝሮ ለእያንዳንዱ 5 ደርሶ ያልቃል። የአንዱ ድርሻ 6.25፣ ማለትም ስድስት ኪሎ ከሩብ ነው። ብዙ ተማሪ ዜሮ መጨመሩን በቃሉ ይዞ ምክንያቱ ሳይነገረው ያልፋል፤ ይህ ያሳዝናል። ምንዛሪው የገባው ሰው ነጥቡ የት እንደሚቀመጥ አይጠፋውም።

ሁሉም ስሌት እንዲህ አያልቅም። አንድ ኩንታል፣ ማለትም 100 ኪሎ፣ ለ7 ሰው ሲካፈል 14 ደርሶ 2 ይተርፋል። ከዚያ ቀሪዎቹ 6፣ 4፣ 5፣ 1፣ 3 እያሉ ሄደው እንደገና 2 ላይ ይደርሳሉ፤ ድርሻውም 14.285714285714... እያለ ማብቂያ የለውም። በ7 ሲካፈል ሊተርፍ የሚችለው ከ1 እስከ 6 ካሉት አንዱ ስለሆነ፣ ዜሮ እስካልመጣ ድረስ ቀድሞ የታየ ቀሪ መመለሱ አይቀርም። ክፍልፋዩ ከተቃለለ በኋላ አካፋዩ 2ን ወይም 5ን ብቻ እያባዙ የሚገኝ ከሆነ ስሌቱ ያበቃል፤ 3 ወይም 7 ከገባበት ግን ይደጋገማል።

ማብቂያ የሌለውን ስሌት የት ማቆም እንደሚገባ የሚወስነው ሚዛኑና አከፋፈሉ ነው። በትምህርት ቤቱ ደንብ 14.2857 ወደ 14.29 ይጠጋጋል። 14.29 በ7 ሲባዛ ግን 100.03 ስለሚሆን የመጨረሻው ሰው 30 ግራም ይጎድልበታል። 14.28 ቢመዘን ለሁሉም ተዳርሶ 40 ግራም ይተርፋል፤ ስለዚህ ዕቃ ሲከፋፈል ወደ ታች ማጠጋጋቱ ይሻላል። መዋጮ ላይ ነገሩ ይገለበጣል። 1000 ብር ለ3 ሰው ተደልድሎ እያንዳንዱ 333.33 ቢከፍል የሚሰበሰበው 999.99 ነው፤ ሂሳቡ እንዲሞላ አንዱ 333.34 መክፈል አለበት።