የሥራ ዘፈን በፊልም፤ ስለ ብራዚላዊው ሊዮን ሂርስማን

አንድ ዘፈን በሸክላ ሲቀረጽ ዜማውና ቃሉ ይተርፋሉ፤ ዘፈኑን የወለደው የእጅና የእግር እንቅስቃሴ ግን ከሸክላው ውጭ ይቀራል። የመሸታ ቤት ዘፈን በዚህ ብዙ አይጐዳም፤ የሥራ ዘፈን ግን ግማሽ አካሉን ያጣል።

በብራዚል ይህን ነገር ቀደም ብሎ የተገነዘበው ደራሲውና የሙዚቃ ሊቁ ማሪዮ ዲ አንድራዲ ነው። እርሱ በ1938 (ዓመታቱ ሁሉ እንደ ፈረንጆች አቈጣጠር ናቸው) ከሳን ፓውሎ የላከው የአራት ሰዎች ጓድ በሰሜንና በሰሜን ምሥራቅ ክፍላተ ሀገር እየተዘዋወረ ዘፈኑን በሸክላ ቀረጸ፤ ጭፈራውንም በፊልም አነሣ። ፊልሙ ድምፅ አልባ ስለ ነበረ ግን ዜማውና እንቅስቃሴው በየፊናቸው ተለያይተው ቀሩ።

በ1937 በሪዮ ዲ ጃኔሮ የተወለደው ፊልም ሠሪ ሊዮን ሂርስማን ይህን የተከፈለ አካል መልሰው ለማጋጠም ከደከሙት አንዱ ነው። የተማረው ምሕንድስና ሲሆን፣ ስሙ የተጠራው ግን በ1960ዎቹ «አዲስ ሲኒማ» በተባለው እንቅስቃሴ ውስጥ ነው። ከ1974 እስከ 1976 ድረስ «የሥራ ዘፈኖች» በሚል የወል ስም ሦስት አጫጭር ፊልሞች ሠራ፤ ገለጻቸውን የሚያነበው ባለቅኔው ፌሬይራ ጉላር ነው።

የመጀመሪያው በአላጎአስ ክፍለ ሀገር የተነሣው «ሙቲራውን» ነው። ቃሉን በአማርኛ ደቦ ብሎ መተርጐም ስሕተት አይሆንም፤ ጎረቤት ለጎረቤቱ ያለ ደመወዝ ይሠራል፤ አንዱ ያወጣል፣ ሌሎቹ ይቀበላሉ። በባሂያ የተነሣው «ካካዎ» ደግሞ ፍሬው በተሰጣበት መድረክ ላይ ሠራተኞች በእግራቸው እየረገጡ ሲያሹት ያሳያል። ድምፁን ብቻ ለሚሰማ ሰው ተራ ጭፈራ ይመስለዋል፤ ምስሉን ሲያይ ግን ጭፈራውና ሥራው አንድ መሆናቸውን ይረዳል። ሦስተኛው የሸንኮራ አገዳ ቈራጮችን የሚመለከት ነው።

እንዲህ ያለው ዘፈን ከሥራው ተነጥሎ አይኖርም። የኅብረት ሥራ ለቅጥር ሠራተኛና ለመኪና ቦታውን ሲለቅ፣ ማንም ሳይከለክለው ዘፈኑ ይጠፋል። ኋላ ሽማግሌዎችን ሰብስቦ ማዘፈን ቃሉን ይመልስ እንደ ሆነ እንጂ ሥርዐቱን አይመልስም።

ሂርስማን በዚያው ዘመን ፊቱን ወደ ከተማ መልሶ በሪዮ ዲ ጃኔሮ «ፓርቲዱ አልቱ» የተባለውን የሳምባ ዐይነት መቅረጽ ጀመረ። በዚህ ሳምባ አዝማቹን ጉባኤው ይቀበላል፤ ግጥሙን ግን ዘፋኞቹ እዚያው እየፈጠሩ በየተራ ይመላለሱበታል፤ ጭብጨባው፣ አልፎ አልፎም በሳሕን ጠርዝ ላይ የሚፋቀው ቢላዋ ምቱን ይይዛል። የዕለቱ ግጥም ከዕለቱ ጋር የሚያልፍ በመሆኑ፣ ሊመዘገብ የሚገባው አፈጣጠሩ ነው፤ ፊልሙም በዚህ ላይ ያተኵራል። ሥርዐቱን በፊልሙ የሚያስረዳው በ1975 «ኪሎምቦ» የተባለውን የሳምባ ማኅበር ካቋቋሙት አንዱ የሆነው ካንዴያ ነው፤ የትረካው ድምፅ ደግሞ የፓውሊኞ ዳ ቪዮላ ነው። ቀረጻው በ1976 ቢጀመርም ፊልሙ የተፈጸመው በ1982 ነው፤ ካንዴያ ግን በ1978 ሞቶ ነበር።