የእንሽላሊቱ ፀሐይ ቤትዎን እንዳታቃጥል

ውሻና ድመት ለምደናል። ውጭ አገር ልጅ የሚያሳድጉ ወላጆች ግን «እማዬ፣ ለልደቴ እንሽላሊት ግዢልኝ» የሚል ጥያቄ ይገጥማቸዋል። ልጆቹ ብዙ ጊዜ የሚመርጡት ቢርድድ ድራጎን፣ ማለትም «ጺማሙ ድራጎን» የሚባለውን የአውስትራሊያ እንሽላሊት ነው። ገር እንስሳ ነው። እሺ ካሉ ግን የመስታወት ቤቱና ማሞቂያ አምፖሉም አብረውት ይመጣሉ። ይበልጥ ሊያስቡበት የሚገባው ስለ አምፖሉ ነው።

እንሽላሊት እንደ እኛ የሰውነቱን ሙቀት ራሱ አያመነጭም። ካልሞቀው የበላው እንኳ በወጉ አይፈጭለትም። አምፖሉ ለእሱ ፀሐይ ነው፤ ለእርስዎ ግን በየቀኑ ለ12 ሰዓት ያህል እንደተጣደ የኤሌክትሪክ ምጣድ ነው። ምጣድ ሰክተው፣ መጋረጃ አስጠግተው ሥራ አይሄዱም። ይህንንም እንደዚያው ይዩት።

ከመስቀልዎ በፊት

የአምፖሉ መያዣ ከፕላስቲክ ሳይሆን ከሴራሚክ የተሠራ ይሁን። መያዣው ላይ ከተጻፈው ዋት የሚበልጥ አምፖል አይግጠሙ። በመቆንጠጫ ብቻ አያንጠልጥሉት፤ ልጅ ወይም ድመት ከነካው ምንጣፍ ላይ ይወድቃል። በሰንሰለት ወይም በማይነቃነቅ መቆሚያ ያጠናክሩት። መጋረጃና ወረቀት ያርቁ።

አምፖሉ ከመስታወቱ ቤት ውስጥ ከሆነ በሽቦ መከላከያ ይሸፍኑት። እንሽላሊት ቆዳው እየተቃጠለ እንኳ ላይሸሽ ይችላል። በኤሌክትሪክ የሚሞቁ ሰው ሠራሽ ድንጋዮችን የማንመክረውም ለዚህ ነው።

በእጅ አይገምቱ

በሁለቱም ጫፍ ቴርሞሜትር ያስቀምጡ። ለአዋቂ ቢርድድ ድራጎን የመሞቂያው ቦታ ከ38 እስከ 42 ዲግሪ ሴንቲግሬድ፣ መቀዝቀዣው ጫፍ ከ25 እስከ 29 ቢሆን ይስማማዋል። ሲበዛበት የሚሸሽበት ጥግ ከሌለ ሙቀቱ ይገድለዋል።

ሙቀቱን የሚቆጣጠር ቴርሞስታት ይግጠሙ፤ መለኪያ ጫፉንም አጥብቀው ይሰሩት። ጫፉ ወደ ቀዝቃዛው ክፍል ከወደቀ መሣሪያው ቤቱ የበረደ መስሎት አምፖሉን ያለ ልክ ያግለዋል። ማብራትና ማጥፋቱን ለታይመር ይተዉ። ክፍሉ ሌሊት ከ18 ዲግሪ በታች ካልወረደ የማታ ማሞቂያ አያስፈልግም።

የአዋቂ ሥራ

አምፖል የሚቀይረው አዋቂ ነው፤ ሶኬቱን ነቅሎ፣ እስኪቀዘቅዝ ጠብቆ። ውሃ ሲረጩ የጋለ አምፖል እንዳይነካ ይጠንቀቁ፤ ሊፈነዳ ይችላል። በዚያው ክፍል የጭስ ማስጠንቀቂያ ደወል ይስቀሉ፤ ባትሪውንም ይፈትሹ።

ለልጅዎም ድርሻ ይስጡት። ጠዋት ቴርሞሜትሮቹን ያንብብልዎ፤ ማታ ከመተኛቱ በፊት «አምፖሉ ጠፍቷል?» ብሎ ይጠይቅ። እንስሳ ማሳደግ ማለት ይህ መሆኑን ያን ጊዜ ይማራል፤ እርስዎም ተረጋግተው ይተኛሉ።