የትውልድ ቆጠራ በሕግ ፊት፤ ከይፋት ቆላ እስከ ሕንድ ፍርድ ቤት

አንድ ሰው የአንድ ወገን ተወላጅ መሆኑን በምን ያስረዳል? ነገሩ በጨዋታ መካከል ሲነሣ ቀላል ይመስላል። መሬት ወይም የትምህርት ቦታ በመልሱ የሚወሰን ሲሆን ግን ሽማግሌውንም ዳኛውንም የሚያስጨንቅ ነው። በዚህ አጭር ጽሑፍ ትውልድ መቁጠር በሕግ ፊት ምን ያህል ማስረጃ እንደሚሆን ለመመርመር እንሞክራለን።

የምንነሣበት አገር ይፋት ነው። ሸዋ ሮቢት ከአዲስ አበባ ወደ ደሴ በሚወስደው አውራ ጎዳና ላይ ትገኛለች። በስተምዕራብ የመንዝ ደጋ፣ በስተምሥራቅ የአፋር በረሃ ያዋስናታል። በዚህ አካባቢ አማራው፣ አርጎባው፣ ኦሮሞውና አፋሩ ይገበያያሉ፣ ይጋባሉም። ስለዚህ «ወገንህ ማነው?» የሚለው ጥያቄ በዚህ አገር እንግዳ አይደለም።

በቀድሞው ዘመን ይህ ጥያቄ ከሁሉ በላይ የሚነሣው በርስት ክርክር ነበር። በመንዝና በሌላውም የአማራ ደጋ ርስት የሚጠይቅ ሰው መሬቱን መጀመሪያ ያቀናውን አቅኚ አባት ይጠራል፤ ከዚያም ትውልዱን እየቆጠረ እስከ ራሱ ያወርዳል። ቆጠራው በአባትም በእናትም በኩል ይሆናል። ተከራካሪው በበኩሉ ከሰንሰለቱ አንዱን ቀለበት ለመበጠስ ይጥራል። «ርስት በሺህ ዓመቷ ለባለቤቷ» የሚባለውም ስለዚህ ነው።

ሆኖም ቆጠራው ብቻውን መሬት አይሰጥም። በሁለቱም ወላጆች በኩል የሚቆጠር ስለሆነ አንድ ሰው ብዙ አቅኚ አባቶች ይኖሩታል። አለን ሆበን የተባሉት አሜሪካዊ ተመራማሪ በጎጃም ዳሞት አጥንተው በ1973 እ.ኤ.አ. ባሳተሙት መጽሐፍ እንዳስረዱት፣ በትውልድ መጠየቅ የሚችለው ሰው መሬቱን በእጁ ከያዘው እጅግ ይበዛል። የሚረታው ደጋፊ ያለው፣ መከራከር የሚያውቅ፣ ወራሾቹም «አዎን፣ የእኛ ነው» ያሉት ነበር።

የተጻፈውም ሕግ ለዚህ ልማድ ቦታ ሰጥቶ ነበር። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ በቁጥር 1168፣ ለ15 ተከታታይ ዓመታት ግብር የከፈለ ባለይዞታ ባለሀብት እንዲሆን ፈቀደ። ነገር ግን በልማድ የቤተ ዘመድ የጋራ በሆነ ርስት ላይ ከዘመዳሞቹ አንዱ በዚህ መንገድ ብቻውን ባለሀብት እንዳይሆን ከለከለ። የግብር ደረሰኝ ትውልድን አልረታም ማለት ነው። ይህ ሁሉ የቀረው የገጠርን መሬት የሕዝብ ባደረገው በአዋጅ ቁጥር 31/1967 ነው።

ከዚያ ወዲህ ጥያቄው መልኩን ለወጠ። የ1987 ዓ.ም. ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 39 ንኡስ አንቀጽ 5 ብሔር፣ ብሔረሰብና ሕዝብ ለሚላቸው የዘረዘራቸው ምልክቶች ባህል፣ የመግባቢያ ቋንቋ፣ የተዛመደ ህልውና አለን ብሎ ማመን፣ የሥነ ልቦና አንድነትና የተያያዘ መልክዐ ምድር ናቸው። የደም ቆጠራ ከነዚህ ውስጥ የለም። የስልጤ ጉዳይ በ1993 ዓ.ም. የተወሰነው በሕዝቡ ድምፅ እንጂ በአያት ዝርዝር አይደለም።

በይፋት ግን ይህ መለኪያ ችግር አለው። አርጎባ በአማራ ክልል የራሱ ልዩ ወረዳ አለው። የአርጎባ ቋንቋ ግን እንደ ሾንኬ ባሉ ጥቂት መንደሮች ካልሆነ በቀር እየተተወ፣ ብዙው አርጎባ አማርኛ ወይም ኦሮምኛ ተናጋሪ ሆኗል። ቋንቋው የጠፋበት ሰው አርጎባነቱን በምን ያስረዳል ቢባል፣ መልሱ ተመልሶ ወደ አባቶቹ ታሪክ ይሄዳል።

በዚህ ረገድ ሕንድ ትምህርት ትሰጠናለች። በ1950 እ.ኤ.አ. በጸናው ሕገ መንግሥቷ አንቀጽ 342 መሠረት በመንግሥት መዝገብ የተጻፉ ነገዶች አሉ፤ ለእነርሱም በትምህርትና በሥራ ቦታ ይጠበቅላቸዋል። ጥቅም ስላለበት ሐሰተኛ ጠያቂም በዛ። ስለዚህ ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በ1994 እ.ኤ.አ. መርማሪዎች ወደ ጠያቂው የትውልድ ቀበሌ ሄደው እንዲያጣሩና አጣሪ ጉባኤ እንዲወስን አዘዘ። በ2011 ደግሞ ከነጻነት በፊት የተጻፉ ሰነዶች የበለጠ ክብደት እንዳላቸው አስታወቀ። በ2012 ከሁለት ወገን የተወለደ ልጅ የአባቱ ወገን ነው ተብሎ ቢገመትም፣ በእናቱ ወገን ተቆጥሮና እንደ እነርሱ ተጎድቶ ማደጉን ካስረዳ ግምቱ ሊፈርስ እንደሚችል ፈረደ።

ከዚህ የምንረዳው ትውልድ ራሱን የቻለ ማስረጃ አለመሆኑን ነው። በርስት ዘመን የወራሾች እሽታ፣ በሕንድ የቆየ ሰነድና የኑሮ ምስክርነት አብረውት ይቆማሉ። እኛ ተማሪዎችም የይፋት ሽማግሌዎችን ቆጠራ ስንጽፍ የስሞቹን ተራ ብቻ መጻፍ አይበቃንም። ማን እንደ ቆጠረው፣ ለምን ጉዳይ እንደ ቆጠረው፣ ማንስ እንደ ተቃወመው አብረን ልንጽፍ ይገባናል። አለዚያ ትናንት ሰውን ወደ ርስት ያስገባ ቆጠራ ነገ ጎረቤትን ለማስወጣት ያገለግል ይሆናል።