ስለ ኮከብ ካክተስ አተካከልና አያያዝ

«ካክተስ» የሚለውን ቃል በክፍል ውስጥ ስናነሣ አብዛኞቹ ተማሪዎች ወዲያው የሚያስቡት በየአጥሩ ጥግ የቆመውን ቁልቋል ነው። ይህም የሚጠበቅ ነው፤ ሁለቱም አረንጓዴ ግንድ ያላቸው፣ እሾኻማና ውኃ የሚቋጥሩ ዕፅዋት ናቸውና። ይሁን እንጂ በዝምድና ረገድ ቁልቋል ከጉሎ ጋር አንድ ቤተሰብ ሲሆን የካክተስ ቤተሰብ ግን የአሜሪካ ክፍለ ዓለም ተወላጅ ነው። በአፍሪካ በተፈጥሮ የሚገኘው ካክተስ አንድ ዓይነት ብቻ ነው፤ እርሱም በእርጥብ ደን ውስጥ ከዛፍ ላይ ተንጠልጥሎ የሚያድግ ቀጭን ተክል ነው። በትግራይ ፍሬው የሚበላው በለስ እውነተኛ ካክተስ ነው፤ ነገር ግን «የባሕር ቁልቋል» የሚለው ሌላው ስሙ ራሱ እንደሚመሰክረው ከባሕር ማዶ የመጣ ነው። ቁልቋል ሲቆረጥ ነጭ ወተት ያፈስሳል። የካክተስ መለያ ደግሞ እሾሁም አበባውም ጥጥ ከመሰለ ትንሽ ትራስ ላይ መውጣቱ ነው።

በዚህ ጽሑፍ የምንመለከተው ከካክተሶች ሁሉ ብርቅ ከሆኑት አንዱን፣ በሳይንሳዊ ስሙ አስትሮፊተም አስቴሪያስ የሚባለውን ነው። ለሳይንስ ዓለም ያስተዋወቀው ዙካሪኒ የተባለ የጀርመን የዕፅዋት ሊቅ ሲሆን ዘመኑም እ.ኤ.አ. 1845 ነበር። ስሙ ከግሪክኛ የተወሰደ ሆኖ ኮከብነቱን የሚያመለክት ስለሆነ እኛም «የኮከብ ካክተስ» እንለዋለን። ተክሉ ከመሬት ብዙም ከፍ አይልም። ከላይ ሲያዩት ጠፍጣፋና ክብ ነው፤ ስፋቱ ከ5 እስከ 15 ሳንቲ ሜትር ይደርሳል፤ ብዙውን ጊዜ በ8 ክፍሎች የተከፈለ ስለሆነ ለመቁረስ ምልክት የተደረገበት ትንሽ ድፎ ዳቦ ይመስላል። እሾህ የለውም። በየክፍሉ መካከል ጥጥ መሰል ትራሶች በመስመር ይታያሉ፤ ቆዳውም በጥቃቅን ነጫጭ ነቁጦች የተረጨ ነው። አበባው ቢጫ ሆኖ እምብርቱ ወደ ብርቱካንማ ቀይ ያደላል።

የትውልድ አገሩ በሪዮ ግራንዴ ወንዝ ዙሪያ ያለው ደረቅ የቁጥቋጦ ምድር ነው። በሜክሲኮ በታማውሊፓስና በኑዌቮ ሌዮን ክፍላተ ሀገር፣ በአሜሪካ ደግሞ በቴክሳስ ደቡባዊ ጫፍ በስታር አውራጃ ይገኛል። (የአውራጃው ስም ከኮከብ ጋር ምንም ግንኙነት የለውም፤ የሰው ስም ነው።) እዚያ የሚበቅለው ግልጥ በሆነ ሜዳ ላይ ሳይሆን በአብዛኛው እሾኻማ ቁጥቋጦ ጥላ ሥር ነው። ዝናብ ሲጠፋ የቋጠረውን ውኃ እየጨረሰ ይሟሽሻል፤ ከአፈሩ ጋር እኩል ይሆናል፤ አንዳንዴም አቧራ ይሸፍነውና ቆሞ የሚፈልገው ሰው እንኳ ረግጦት ያልፋል። እሾህ የሌለው ይህ ተክል ከአውሬ የሚድንበት አንዱ መንገድ ይኸው መደበቅ ነው።

ከሰው ግን መደበቅ አልቻለም። ቁጥቋጦው ለእርሻና ለግጦሽ ሲመነጠር ጥላው ጠፋ፤ በምትኩ ከአፍሪካ የተወሰደ የግጦሽ ሣር ተዘርቶ መሬቱን ሸፈነው። በዚያው አካባቢ የአሜሪካ ነባር ሕዝቦች ለሃይማኖታዊ ሥርዓታቸው የሚገለገሉበት ፔዮቴ የሚባል ሌላ ካክተስ ይበቅላል፤ ሁለቱ ስለሚመሳሰሉ ፔዮቴ ለቃሚዎች የኮከብ ካክተስንም በስሕተት ይቆርጡታል። በእኔ አስተያየት ግን ከሁሉም የሚያሳዝነው ተክሉን እንወዳለን በሚሉ ሰብሳቢዎች የደረሰበት ጉዳት ነው። ብርቅ በሆነ ቁጥር ዋጋው ይወደዳል፤ ዋጋው በተወደደ ቁጥር ነቃዩ ይበረታል። እ.ኤ.አ. በ1993 የአሜሪካ መንግሥት የመጥፋት አደጋ ካጋጠማቸው ዕፅዋት መዝገብ አስገባው። «ሳይቲስ» በሚባለው ዓለም አቀፍ ስምምነትም በአንደኛው ሠንጠረዥ ውስጥ ስላለ ከዱር የተነቀለውን ለንግድ ከአገር ወደ አገር ማዘዋወር ክልክል ነው። ኢትዮጵያ እ.ኤ.አ. ከ1989 ጀምሮ የዚህ ስምምነት አባል ናት፤ የእኛው ውኃ ቋጣሪ ቁልቋሎችና የእሬት ዓይነቶችም በሁለተኛው ሠንጠረዥ ተመዝግበዋል።

እንግዲህ ይህን ተክል ሊይዝ የሚገባው ሰው ከዘር አብቅሎ ወይም ከዘር የበቀለ ገዝቶ ነው። ዘሩ ወደ 3 ሚሊ ሜትር የሚጠጋ ሲሆን ቅርጹ እንደ ቆብ ጎድጎድ ያለ ነው። አፈሩ ውኃ የማይቋጥር መሆን አለበት፤ ሦስት እጅ ሸካራ አሸዋና ቀዳዳ ቀዳዳ ያለው የእሳተ ገሞራ ጠጠር፣ አንድ እጅ የበሰበሰ የቅጠል አፈር ቢደባለቅ ይበቃል። ድብልቁን በምጣድ አምሶ ማቀዝቀዝ የሻጋታን ዘር ይገድላል። ዘሩ አይቀበርም፤ በእርጥብ አፈር ላይ ተበትኖ ዕቃው በሚያሳይ ላስቲክ ይሸፈናል። ሙቀቱ ወደ 25 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ከሆነና ዘሩ አዲስ ከሆነ በአንድ ሳምንት ገደማ ይበቅላል። አስቸጋሪው ከዚያ በኋላ ያለው ጊዜ ነው። ቡቃያው ውኃም ይፈልጋል፣ ውኃም ይገድለዋል። ስለሆነም ከጥቂት ሳምንታት በኋላ ላስቲኩን በየቀኑ ጥቂት ጥቂት እየከፈቱ ከአየር ጋር ማለማመድ ያስፈልጋል። አበባ ለማየት አብዛኛውን ጊዜ ከ4 እስከ 6 ዓመት መጠበቅ ግድ ነው።

ለአደገው ተክል ውኃ የሚሰጠው አፈሩ እስከ ታች ድረስ ከደረቀ በኋላ ነው፤ ሲጠጣም በደንብ ይጠጣ፤ በየቀኑ ጠብታ መስጠት ግን ሥሩን ያበሰብሰዋል። ብዙ ሰው የሚሳሳተው እዚህ ላይ ነው። በዕረፍቱ ወራት ተክሉ ይሟሽሻል፣ ይጠፍጠፋል፣ መልኩ ይጠወልጋል። ባለቤቱ «ጠማው» ብሎ ያጠጣዋል። በቀዝቃዛ ወራት ግን ሥሩ ሥራ ስለማይሠራ ውኃው አፈሩ ውስጥ ይቀመጣል፤ ተክሉ ከሥር መበስበስ ይጀምራል፤ ከላይ ሲታወቅም ጊዜው አልፏል። በትውልድ አገሩ ከአፈር በታች የሚያሟሸሸው ያ ጠባይ በማሰሮ ውስጥ በሽታ መስሎ ይታያል ማለት ነው። ሲጠራጠሩ አለማጠጣት ይሻላል።

ስለ ወራቱ ጉዳይ የቋንቋ ጥንቃቄ ያስፈልጋል። የአውሮፓና የአሜሪካ መጻሕፍት «በበጋ አጠጡ፣ በክረምት አድርቁ» ይላሉ። የእነርሱ በጋ ሰኔ፣ ሐምሌና ነሐሴ ነው፤ ይኸውም የእኛ ክረምት ነው! በደጋ አገራችን እነዚህ ወራት ደመናማ፣ ቀዝቃዛና እርጥብ ስለሆኑ ምክሩን ወር በወር የተከተለ ሰው ተክሉን ይገድለዋል። ቃሉን ብቻ ይዞ በእኛ ክረምት ያደረቀ ሰው ግን፣ በሌላ ምክንያትም ቢሆን፣ ትክክል ይሆናል። በደጋ የሚገኝ ተክል በክረምት ከጣሪያ ሥር፣ ብርሃን በሚያገኝበት ቦታ ደረቅ ሆኖ ይቆይ፤ ከኅዳር እስከ ጥር ሌሊቱ ስለሚበርድ ውኃው ይቀነስ፤ ከየካቲት እስከ ግንቦት ባለው ሞቃት ጊዜ ይጠጣ። በቆላ ብርዱ አያሳስብም፤ ነገር ግን የቀትር ፀሐይ ቆዳውን ስለሚያቃጥለው የቁጥቋጦውን ጥላ የሚተካ ሣሳ ያለ መከለያ ይደረግለት። ነጫጭ ነቁጦቹን በእጅ ማሸት ወይም ከላይ ውኃ ማፍሰስም አይገባም። ተክሉ ወደ ሌላ ማሰሮ ከተዛወረ የተጎዳው ሥር እንዲደርቅ አንድ ሳምንት ያህል ሳያጠጡ መቆየት ነው።

ለምን ይህን ያህል ቀስ ብሎ ያድጋል? አብዛኞቹ ዕፅዋት የአየር ቀዳዳዎቻቸውን የሚከፍቱት ቀን ነው። ካክተስ ቀን ቢከፍት ውኃው ተኖ ያልቅበታል፤ ስለዚህ ሌሊት ከፍቶ ካርቦን ዳይኦክሳይድ ያስገባል፤ ያንንም ወደ ማሊክ አሲድ ለውጦ በሕዋሳቱ ያጠራቅማል። ጧት ይዘጋል፤ በቀን ብርሃን አሲዱን እየፈታ ምግቡን ያዘጋጃል። የአንድ ሌሊት ማጠራቀሚያ ውስን ስለሆነ እድገቱም ውስን ነው።

ይህን በክፍል ለማሳየት ብርቅ ተክል አያስፈልግም፤ በለስ ይበቃል። ከአንድ ተክል ንጋት 12 ሰዓት ላይ 10 ግራም፣ ከቀኑ 10 ሰዓት ላይ ሌላ 10 ግራም ይቆረጥ። እያንዳንዱ በተቆረጠበት ሰዓት በእኩል ውኃ ተወቅጦ ይጣራ፤ ሁለት ጠብታ ፊኖልፍታሊን ይጨመርበት፤ ከዚያም ሐምራዊ እስኪመስል ድረስ ስስ የሶዲየም ሃይድሮክሳይድ ሟሟ በጠብታ እየተቆጠረ ይንጠብጠብ። የንጋቱ ብዙ ጠብታ ይፈልጋል። የበለስ ደቃቅ እሾህ ቆዳ ውስጥ ስለሚቀር ጓንት ይደረግ። ቁልቋልን ለዚህ ሙከራ መጠቀም አደገኛ ነው፤ ወተቱ ዓይን ሊያሳውር ይችላል።

ወደ ኮከብ ካክተስ ስንመለስ፣ ዘር ለማግኘት አንድ ተክል ብቻውን አይበቃም፤ በራሱ ዱቄት አይፀንስምና። ከተለያየ ዘር የበቀሉ ሁለት ተክሎች በአንድ ጊዜ ሲያብቡ በለስላሳ ብሩሽ ዱቄቱን ከአንዱ ወደ ሌላው ማዛወር ያስፈልጋል። በዱር ይህን የሚሠሩት ንቦች ናቸው፤ ተክሎቹ እየተነቀሉ ሲራራቁ ግን የቀረው ብቻውን ያብባል፣ ያለ ዘርም ይረግፋል። የመንቀል ጉዳት ከተነቀለው ተክል የሚያልፈው በዚህ ምክንያት ነው።

በጃፓን አርቢዎች ይህን ተክል «ካቡቶ»፣ ማለትም የጦረኛ ራስ ቁር፣ ብለው ለብዙ ዘመን አራብተውታል፤ ነጭ ነቁጡ እጅግ የበዛ ዝርያም አውጥተዋል። በመስተዋት ቤቶች ውስጥ ያለው ብዛት በዱር ካለው ጋር አይነጻጸርም። ታዲያ ለምን ተመልሶ አይተከልም? ብዙው የማሰሮ ተክል ከሌሎች የቅርብ ዘመዶቹ ጋር የተዳቀለ ወይም ለመልኩ የተመረጠ ነው፤ የአያቶቹም ቦታ አይታወቅም። ወደ ዱር ሊመለስ የሚችለው ዘሩ ከየት እንደተለቀመ የተጻፈለት ብቻ ነው። በቴክሳስ በተደረገው የመልሶ ተከላ ሙከራ ሜዳ ላይ የተበተነው ዘር እምብዛም ሳይበቅል ሲቀር፣ አስቀድሞ በመስተዋት ቤት የተያዙት ችግኞች ግን በተሻለ ሁኔታ ጸድቀዋል። ስለዚህ የአርቢ ሙያ ከንቱ አይደለም፤ መዝገብ ሲኖረው ነው እንጂ።

የሚገዛ ሰው ከዱር የተነቀለውን በጥቂቱ ሊለየው ይችላል። የዱሩ ጠባሳ የበዛበት፣ ታችኛው ክፍሉ እንደ ቡሽ የደረቀ፣ ቅርጹ ያልተስተካከለ፣ ሥሩም የተቆረጠ ነው፤ ከዘር የበቀለው ንጹሕና ከወንድሞቹ ጋር እኩል ነው። የእሬትም ሆነ የቁልቋል ችግኝ በትምህርት ቤት ግቢ የምታሳድጉ ተማሪዎችም በየማሰሮው ላይ የተክሉን ስም ብቻ ሳይሆን ዘሩ የተለቀመበትን ቦታ፣ ቀኑንና የለቀመውን ሰው ስም ጻፉ። ጽሑፉ በእርሳስ ይሁን፤ ቀለም ፀሐይ ላይ ይደበዝዛል።