ስሙ ያልተጻፈለት ፖሊስ

ቻርሊ ቻፕሊን በአንድ ቃለ ምልልስ ላይ፣ በኪስቶን የፊልም ኩባንያ ሳለ በፖሊስነት ትንንሽ ሚናዎች ይሠራ እንደነበር ተናግሮ ነበር። የፊልም ታሪክ አጥኚዎች ግን ነገሩን ከቁም ነገር አልቆጠሩትም። ኩባንያው ውስጥ የሠራቸውን ፊልሞች አንድ በአንድ ለቅመው 35 አድርሰዋቸዋል፤ በኩባንያው ኮሜዲዎች ውስጥ ከሚሯሯጡትና ከሚጋጩት ፖሊሶች መካከል ግን ቻፕሊን የለም። ማስረጃ የሌለው ትዝታ ደግሞ ከወሬ አያልፍም። ሰውየው ተሳስቶ ይሆን?

ፍለጋውን ያከበደው የዘመኑ አሠራር ነበር። ቻፕሊን ሎስ አንጀለስ፣ ኢደንዴል ወደነበረውና ማክ ሴኔት ይመራው ወደነበረው የኪስቶን ስቱዲዮ የገባው በታኅሣሥ 1913 (እ.ኤ.አ.) ነው፤ ደመወዙም በሳምንት 150 ዶላር። እዚያ አንድ አጭር ፊልም በጥቂት ቀናት ተቀርጾ ያልቃል። ዛሬ መሪ የሆነ ነገ በሌላው ፊልም አጃቢ ሆኖ ይገባል። የፖሊስ ቆብ ደፍቶ ለሚወድቅና ለሚነሣ አጃቢ ተዋናይ ደግሞ ስሙን በፊልሙ ላይ የሚጽፍለት አልነበረም። ስለዚህ አንድን አጃቢ ለማግኘት ያለው መንገድ ፊልሙን ራሱን ማየት ብቻ ነበር። ፊልሙ ግን የት አለ?

ጥርጣሬ ሊያጭሩ ከሚችሉት ሥራዎች አንዱ በየካቲት 19 ቀን 1914 ለሕዝብ የቀረበው «ኤ ቲፍ ካቸር» (ሌባ ያዡ) ነበር። መሪው የስቱዲዮው አውራ ኮሜዲያን ፎርድ ስተርሊንግ ሲሆን፣ ማክ ስዌይንና ኤድጋር ኬኔዲም አሉበት። ይህ ፊልም እንደ ብዙዎቹ የዘመኑ ሥራዎች ጠፍቷል ተብሎ ተመዝግቦ ነበር። ያኔ ፊልም የሚታተምበት ናይትሬት በቀላሉ ይቃጠላል፤ ሳይቃጠል ቢቀር እንኳ ከዕድሜ ብዛት ይበሰብሳል። ከአሜሪካ ሙሉ ርዝመት ድምፅ አልባ ፊልሞች 70 በመቶ ያህሉ ለትውልድ አልደረሱም። አጫጭሮቹ ኮሜዲዎችማ ያስቁ እንጂ ይቀመጡ ያለ ብዙ ሰው አልነበረም። የቻፕሊንን ቃል የሚያጸና ምስክር ካለም፣ ሞቷል ተብሎ ነበር።

ዕድል የመጣችው በሚሺጋን ግዛት በተካሄደ የጥንት ዕቃዎች ሽያጭ ላይ ነው። የድምፅ አልባ ኮሜዲዎች አጥኚው ፖል ጊሩኪ እዚያ አንድ የ16 ሚሊ ሜትር ፊልም ገዛ። ከኪስቶን ኮሜዲዎች አንዱ መሆኑን አውቋል፤ ግን ብርቅ ነው ብሎ አልገመተም። ይዞት ሄዶ አስቀመጠው። አንድ ምዕተ ዓመት ሊሞላው የተቃረበ ፊልም፣ አሁንም የሚያየው አጥቶ ተቀመጠ።

በመጋቢት 2010 (እ.ኤ.አ.) መጀመሪያ ላይ ጊሩኪ በመጨረሻ ፊልሙን ከፍቶ ተመለከተው። ጠፍቷል የተባለው «ኤ ቲፍ ካቸር» ነበር። ስተርሊንግ እንደ ልማዱ ፊቱን እያጨማደደ ከሌቦቹ ጋር ይተናነቃል። የሚጠበቀው ሁሉ ሆነ፤ ከዚያም የደንብ ልብስ የለበሰ፣ ጢሙ የሚታወቅ አንድ ፖሊስ ገባ። አጃቢ ነው፤ ታሪኩ የእሱ አይደለም። ሆኖም አካሄዱና የአካሉ እንቅስቃሴ ዓይንን ከመሪው ላይ ሰርቆ ወደ ራሱ ወሰደ። ጊሩኪ ያየውን ማመን አቃተው።

ብቻውን ሊፈርድ አልደፈረም። ከፊልሙ አንድ ምስል ነጥሎ፣ እኔ የማስበውን ሰው ነው ወይ ብሎ ለአንድ የሙያ ባልደረባው ላከ። መልሱ አዎን ሆነ። ፖሊሱ ቻርሊ ቻፕሊን ነበር፤ የታየውም ለዐይን ጥቅሻ ሳይሆን ለሦስት ደቂቃ ያህል ነው!

ነገሩን ይበልጥ የሚያስደንቅ ያደረገው የሁለቱ ሰዎች ቦታ ነበር። በዚያ ፊልም መሪው ስተርሊንግ፣ አጃቢው ቻፕሊን ነው፤ ስተርሊንግ ግን በዚያው ዓመት ኪስቶንን ለቅቆ ሲሄድ የአውራነቱን ቦታ የያዘው ያ አጃቢ ፖሊስ ሆነ።

ሐምሌ 17 ቀን 2010 በቨርጂኒያ፣ አርሊንግተን በተደረገው የስላፕስቲኮን ፌስቲቫል ላይ ፊልሙ ለተመልካች ቀረበ። የቻፕሊን የኪስቶን ፊልሞች ቁጥርም ከ35 ወደ 36 ከፍ አለ። ተሳስቷል የተባለው ሰውዬ እውነቱን ነበር፤ የተናገረው ግን ስለ ትንንሽ «ሚናዎች» እንጂ ስለ አንድ ሚና ብቻ አልነበረም። አጥኚዎቹም ከዚያ በኋላ በተረፉት የኪስቶን ፊልሞች ውስጥ፣ ከመሪው ጀርባ የሚሯሯጡትን ፖሊሶች ሁሉ ፊት እንደ አዲስ የሚመረምሩበት ምክንያት አገኙ።